የአሸዋ ዘላዮችና የአራት ሰዓት ጥላ

ይህን ስጽፍ በእጄ ያሉት ምንጮች አራት ናቸው፤ እኩል እምነት ግን አይጣልባቸውም። አንደኛው ጠንካራ ልባስ ያለው ደብተር ነው፤ ገጾቹ ከፊሉ በእኔ፣ ከፊሉ በሌላ ሰው እጅ ተጽፈዋል። ሁለተኛው በጫማ ካርቶን ውስጥ የተቀመጡ፣ በፊት የፎቶ ፊልም ይያዝባቸው የነበሩ ትንንሽ የፕላስቲክ ዕቃዎች ናቸው። የሰበሰብሁት ናሙና የተቀመጠበት አልኮል ደርቋል፤ የወረቀት ምልክቶቹ ግን ዛሬም ይነበባሉ። ሦስተኛው የአንድ ገጽ ሠንጠረዥ ፎቶ ኮፒ ነው። አራተኛው ከብዙ ዓመታት በኋላ ያደረግሁት የስልክ ንግግር ሲሆን፣ ስልኩን እንደዘጋሁ በማስታወሻ ይዤዋለሁ።

ትዝታዬን ከምንጮቹ ጋር አልቈጠርሁትም። በዚህ ጉዳይ ትዝታዬ የራሱ ጥቅም አለበት፤ ጥቅም ያለበትን ምስክር ደግሞ በጥንቃቄ መስማት ይገባል። ከዚህ በታች ንግግሮችን በጥቅስ ሳስገባም ቃል በቃል ይዤአቸዋለሁ ማለቴ አይደለም። መንፈሳቸውን አስታውሳለሁ፤ አንዳንዱን ዐረፍተ ነገር ግን፣ ለምን እንደሆነ ሳላውቅ፣ ድምፁ ሳይቀር አስታውሰዋለሁ።

ጊዜው በአገር ቤት መንግሥት ከተለወጠ በኋላ ያሉት የመጀመሪያዎቹ ዓመታት ናቸው። እኔ ሮም የመጣሁት ለአጭር ጥናት ነበር፤ አጭሩ ረዘመ። አዲስ አበባ ሳለሁ የእንስሳት ሳይንስ አስተምር ነበር። ሮም ውስጥ ያገኘሁት ሥራ በአንድ የምርምር ክፍል ለአንድ ዓመት የሚጸናና በየዓመቱ የሚታደስ ኮንትራት ነበር። ኮንትራቱ ካልታደሰ ፔርሜሶዬ፣ የመኖሪያ ፈቃዴ ማለት ነው፣ አይታደስም፤ ፔርሜሶዬ ካልታደሰ ደግሞ በጣልያን ምድር መቈየት አልችልም። በዚያ ዓመት የፔርሜሶዬ ጊዜ የሚያልፈው በሐምሌ መጨረሻ ነበር።

የተሰጠኝ ሥራ ለሮም ቅርብ በሆነው በኦስቲያ የባሕር ዳር አንዲት ትንሽ እንስሳ የት የት እንደምትገኝና ወዴት እንደምትሸሽ መመዝገብ ነበር። ጣልያኖች በተለምዶ የባሕር ቁንጫ ይሏታል፤ ቁንጫ ግን አይደለችም፤ የሸርጣንና የሽሪምፕ ዘመድ ናት። እኔ በደብተሬ የአሸዋ ዘላይ ብያታለሁ። ትልቋ ከአውራ ጣት ጥፍር እምብዛም አትበልጥም። ከግራና ከቀኝ ጠፍጠፍ ያለች፣ ቀለሟ ከአሸዋው የማይለይ ናት፤ ስትነካ እንደ ተለቀቀ ሞላ ትፈናጠራለች። ቀን ቀን እርጥብ አሸዋ ቈፍራ ትደበቃለች፤ ሲመሽ ወጥታ ማዕበል የተፋውን የባሕር ሣር ትበላለች። ድርቀት ይገድላታል፤ ረጅም ጊዜ ውሃ ውስጥ መዋልም ይገድላታል። ስለዚህ ዕድሜዋን የምትጨርሰው በደረቁና በውሃው መካከል ባለች ጠባብ መቀነት ላይ ነው። ከሜዲትራኒያን ዳርቻዎች አንሥቶ በአትላንቲክ ጠረፍ እስከ ቀዝቃዛው ሰሜን ትገኛለች፤ በእኛ በኩል በቀይ ባሕር የሚኖሩት ሌሎች ዘመዶቿ ናቸው።

ሊቃውንቱን የሚያስገርማቸው መንገድ ማወቋ ነው። ደረቅ አሸዋ ላይ ብትጣል ባሕሩን ሳታይ፣ ፀሐይን ብቻ አይታ ወደ ባሕሩ ትሸሻለች። ፀሐይ ከጠዋት እስከ ማታ ቦታ ስለምትለውጥ፣ እንስሳዋ ሰዓቱን በውስጧ ማወቅ አለባት፤ ታውቃለችም። ከዚህ በላይ ደግሞ አቅጣጫው በዘር የሚወረስ ነው። እናቲቱ ዕንቁላሎቿን በሆዷ ሥር በከረጢት ተሸክማ ታሳድጋለች፤ ልጆቹ በውሃ ላይ የሚንሳፈፉበት የሕፃንነት ጊዜ የላቸውም፤ በተወለዱበት ዳርቻ ይቀራሉ። ባሕሩ በምዕራብ በኩል ያለ ዳርቻ ልጅ ወደ ምዕራብ ይሸሻል፤ በጣልያን በሌላው ጎን፣ ከአድሪያቲክ ዳር የተወለደው ወደ ምሥራቅ። የኦስቲያ ባሕር በደቡብ ምዕራብ በኩል ነው።

መለኪያዬ ቀላል ነበር። ከሰማይ በቀር ምንም የማይታይበት ጎድጓዳ ሳህን፣ በመካከሉ የቆመ ስንጥር፣ በዙሪያው የተጻፈ የማዕዘን ቍጥር። ደረቅ አሸዋ አድርጌ ዘላዮቹን እጨምራለሁ፤ ከስንጥሩ ጥላ ስንት ማዕዘን ርቀው ጠርዙ ላይ እንደተሰበሰቡ እጽፋለሁ፤ ሰዓቱንም እጽፋለሁ። ቀኑና ሰዓቱ ከታወቁ ፀሐይ የት እንደነበረች ከመጽሐፍ ይገኛል፤ ከዚያ የሸሹበት አቅጣጫ በስሌት ይወጣል። እንግዲህ አንባቢ ይህን ይያዝልኝ፦ ሰዓቱ ከተሳሳተ አቅጣጫው ይሳሳታል።

ሴትዮዋን ያገኘኋት እዚያው ኦስቲያ ነው። ሰዎች ወንበርና ኦምብረሎኔ የሚባለውን ትልቅ ጃንጥላ ተከራይተው ከሚታጠቡባቸው ስታቢሊሜንቶ ከሚባሉት ሥፍራዎች በመጨረሻው ትሠራ ነበር፤ ከእርሱ ወዲያ ማንም የማያጸዳው የአሸዋ ክምር ይጀምራል። ክረምቱን ሮም ውስጥ በሰው ቤት፣ የሙቀቱን ወራት ኦስቲያ። የጎንደር ገጠር ልጅ ናት፤ ስምንተኛ ክፍል ደርሳ አቋርጣለች፤ ያን ጊዜ ዕድሜዋ ወደ አርባ ይጠጋ ነበር። በጉልበቴ ተንበርክኬ አሸዋ ስነፋ አይታኝ መጥረጊያዋን ተደግፋ ቆመች።

«ጋሼ፣ ቀለበት ጠፍቶብዎት ነው?»

«ቁንጫ እየፈለግሁ ነው» አልኋት።

«ቁንጫ ሰውን ያገኘዋል እንጂ ሰው ቁንጫን ይፈልገዋል?»

አስረዳኋት። እስከ መጨረሻው በጥሞና ሰማችኝና፣ «እኛ አገር ቁንጫ የበዛበት ቤት ይለቀቃል፤ እዚህ ኮንትራት ይሰጥበታል» አለች። የሽሪምፕ ዘመድ መሆኗን ስነግራት ደግሞ አባቶቻችን ሽሪምፕን የከለከሉት አውቀው ነው ብላ ሳቀች።

ከዚያ ወዲህ ስሄድ ጠቃሚ ነገር ትነግረኝ ጀመር። ትራክተሩ አሸዋውን በየጠዋቱ በሚያበጥርበት ቦታ አንድም ዘላይ እንደሌለ፣ የባሕር ሣር ክምር በተተወበት ሁሉ እንዳለ መጀመሪያ ያስተዋለችው እርሷ ናት። በሥርጭት ካርታዬ ላይ ያለው ድንበር በእውነቱ የእርሷ ግኝት ነው። በሠንጠረዡ ግርጌ ናሙና ከሰበሰቡት ተርታ ስሟን አስገባሁላት። ሳሳያት ፊደሉ የጣልያን ስለሆነ ቀስ ብላ አነበበችው፤ ሁለተኛም አነበበችው።

በሰኔ ወገቤ ተያዘ። ሐኪሙ ሁለት ሳምንት ከአልጋ እንዳልወርድ አዘዘኝ። መለኪያው ከተቋረጠ ሠንጠረዡ ይጎድላል፤ ሠንጠረዡ ከጎደለ ኮንትራቱ ያጠራጥራል። የክፍሉ ደንብ መለኪያውን ከእኔ በቀር ማንም እንዳይነካው ነበር። እርሷ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ፣ የእረፍቷ ቀን ስለነበር፣ ግማሽ ሐብሐብ በፌስታል ይዛ ልትጠይቀኝ ወደ ተከራየሁት ክፍል መጣች። ለምኜአት እንደሆነ ወይም ራሷ እንዳለችኝ አላስታውስም። ሳህኑንና ደብተሩን ይዛ እንደሄደች ግን የተረጋገጠ ነው።

ያን ቀን የተነጋገርነውን ብዙ ጊዜ መልሼ ለማስታወስ ሞክሬአለሁ። እርሷ ከመስኮቱ ሥር ባለው ወንበር ተቀምጣለች፤ እኔ በጀርባዬ ተጋድሜ ጣራውን እያየሁ እናገራለሁ።

«ጥላው ዜሮ ነው። ከጥላው በስተቀኝ ቍጠሪ። የት እንደተሰበሰቡ ጻፊ።»

«እጽፋለሁ።»

«ሰዓቱን ጻፊ። የጥላሽንም ርዝመት።»

«የጥላዬንስ ማን ይነግረኛል፤ እናቴ የጾም ሰዓት የምታውቀው ጥላዋን በጫማ ሰፍራ ነው። ሌላስ?»

«ሌላ የለም» አልኋት። ወይም እንዳልኋት ይመስለኛል።

በሁለት ሳምንቱ መጨረሻ ደብተሩን መለሰችልኝ፤ በክር ያሰርሁበት ሰማያዊ እስክሪብቶም እንደታሰረ ነበር። ጽሕፈቷ ጥርት ያለ ነው። በእያንዳንዱ መስመር ቀኑ በእኛ አቈጣጠር፣ ከዚያ ሰዓቱ፣ ከዚያ ጥላዋ በጫማ፣ ከዚያ ማዕዘኑ። ቀኖቹን አንድ በአንድ ወደ ጣልያን ቀን መለስሁ። ሰዓቱ ላይ 4 የሚል ቍጥር በረከተ። እኔ ራሴ ሁልጊዜ የምለካው ከሰዓት በኋላ ስለነበር፣ 4 ማለት የጣልያን 16 ነው ብዬ ዐሥራ ሁለት እየደመርሁ ገለበጥሁት። ለጥንቃቄ የጥላዋን ርዝመት ከመጽሐፉ ጋር አስተያየሁ፤ ስድስት ጫማ ብላለች፤ በዚያ ሰዓት ሊሆን የሚገባው ያው ነው። ሠንጠረዡን ሞላሁ፤ «ለኪ» በሚለው ረድፍ ለሁሉም የራሴን ፊርማ አኖርሁ።

የክፍሉ ኀላፊ ፕሮፌሶሬሳ በሳምንቱ አስጠሩኝ። በሥራ ትክክለኛ፣ በንግግር ቍጥብ ሴት ነበሩ። ሠንጠረዡ ፊታቸው ተዘርግቷል።

«ይህን የሠሩት እርስዎ ነዎት?»

«እኔ ነኝ።»

«በእነዚህ ሁለት ሳምንታት እንስሳቱ ወደ የብስ እየሮጡ ነው።»

ወረቀቱን ወደ እኔ አዞሩት። እውነት ነው። ደረቅ አሸዋ ላይ የተጣሉ ዘላዮች ባሕሩን በጀርባቸው ትተው ወደ ሰሜን ምሥራቅ፣ ወደ ሞታቸው እንደሮጡ ስሌቱ ያሳያል። ከዚያ በፊት ያሉት የእኔ መስመሮች ግን ሁሉም ወደ ባሕሩ ናቸው። ስገለብጥ ስሌቱን ለብቻዬ አይቼ እንደሆነ፣ አይቼም ዝም ብዬ እንደሆነ ዛሬ ልናገር አልችልም።

«ሁለት ነገር ሊሆን ይችላል» አሉ። «ወይ እነዚህ እንስሳት ከአድሪያቲክ ዳር ከአሸዋ ጋር ተጭነው የመጡ ናቸው፤ እንዲህ ከሆነ ትልቅ ነገር ነው። ወይ አንድ ሰው ቤቱ ተቀምጦ ቍጥር ጽፏል።»

«ሦስተኛ ነገር አይኖርም?»

«ካለ ሰኞ ይዘውት ይምጡ። በዚህ ሠንጠረዥ ላይ የኮንትራት ደብዳቤ ልፈርም አልችልም።»

ዕለቱ ሐሙስ ነበር። በማግስቱ ሮም ውስጥ ካለው ጥንታዊ ፒራሚድ አጠገብ ባለው ጣቢያ የኦስቲያን ባቡር ያዝሁ፤ ወገቤ ገና ስላልዳነ ቆሜ ሄድሁ። ከስታቢሊሜንቶው ወዲያ ካለው የሣር ክምር ዘላዮች ሰብስቤ በሳህኑ ለካኋቸው። ሦስት ጊዜ ለካሁ። ሦስቱንም ጊዜ ወደ ባሕሩ ሄዱ። የአድሪያቲክ ልጆች አይደሉም። እንግዲህ የቀረው የፕሮፌሶሬሳዋ ሁለተኛ ነገር ነው፤ ያም ሰው እኔ ካልሆንሁ ማን እንደሆነ አንድ መልስ ብቻ ነበረው።

እርሷ ልብስ በሚለወጥባቸው ካቢኔዎች መካከል እርጥብ ምንጣፍ ታሰጣ ነበር። ያለ ሰላምታ መጀመሬ ትዝ ይለኛል፤ ይህን ያህል ዘመን ቈይቶ ደስ የማይለኝ ነገር ነው።

«ሳህኑን ሁልጊዜ አሸዋው ላይ አውጥተሽ ነው የለካሽው?»

«ሌላ የት እለካለሁ?»

«በየቀኑ?»

ምንጣፉን አስጥታ ጨረሰችና ዞረች። «ጋሼ፣ ምን ሆነው ነው?»

«ቍጥሮቹ አይገጥሙም።»

«እኔ ያየሁትን ነው የጻፍሁት።»

«ያየሽውን ከሆነ ለምን ወደ የብስ ይሮጣሉ?»

«ማን ወደ የብስ ሮጠ? ሁሉም ወደ ባሕር ነው የሄዱት፤ በዐይኔ አይቻለሁ።» ድምፅዋን አላነሣችም። «ዋሽተሻል ነው የሚሉኝ?»

 እዚያ ላይ «አይደለም» ማለት ሲገባኝ አላልሁም። ደብተሩን ገልጬ አንዱን መስመር አሳየኋት። «ይኸው፤ ጥላ ስድስት ጫማ፣ ሰዓት አራት።»

«አዎን፤ አራት ሰዓት። ኦምብረሎኔውን ሁሉ ዘርግቼ ስጨርስ አራት ሰዓት ይሆናል፤ አለቃዬ ቡና ሊጠጣ ይሄዳል፤ ያን ጊዜ ነው የምለካው። ጥላዬንም ያን ጊዜ ነው የምሰፍረው፤ ወደ ውሃው እየሄድሁ፣ ስድስተኛዋ ጫማ እርጥቡ አሸዋ ላይ ታርፋለች።»

ለጥቂት ጊዜ አልገባኝም። ከዚያ እግሬ ሥር ያለውን ጥላዬን አየሁት። ቀኑ ወደ ማምሻው ያዘነበለ ስለነበር ፀሐይ በባሕሩ በኩል ናት፤ ጥላዬም ወደ ካቢኔዎቹ ተዘርግቷል። ከሰዓት በኋላ ጥላ እዚያ ዳርቻ ላይ ወደ ውሃው ሊወድቅ አይችልም። የእርሷ ጥላ ወደ ውሃው የወደቀው ፀሐይ ከጀርባዋ፣ ከየብሱ በኩል ስትወጣ ነው። አራት ሰዓት ያለችው የእኛን አራት ሰዓት፣ ረፋዱን ነበር። ስድስት መደመር ሲገባኝ ዐሥራ ሁለት ደምሬአለሁ። በሙቀቱ ወራት ጣልያኖች ሰዓታቸውን ስለሚገፉ ፀሐይ አናት ላይ የምትደርሰው በእኛ ሰባት ሰዓት ገደማ ነው፤ ስለዚህ የአራት ሰዓት ጥላና የዐሥር ሰዓት ጥላ በርዝመት ይቀራረባሉ። ጥንቃቄዬ ስሕተቱን ይበልጥ አጸናው እንጂ አላጋለጠውም።

«ጠዋት ነው እንዴ?» አልኋት።

«ታዲያ አራት ሰዓት መቼ ሊሆን ነው?»

በሚመለሰው ባቡር ውስጥ ደብተሩን ጉልበቴ ላይ ዘርግቼ ሦስት መስመር በእርሳስ አስተካከልሁ። ሦስቱም ወደ ደቡብ ምዕራብ ዞሩ። ቅዳሜ ሁሉንም አስተካክዬ ጨረስሁ፤ ከሁለት መስመሮች በቀር ሁሉም ወደ ባሕሩ ሄዱ፤ ሁለቱ ደግሞ ደመና የነበረባቸው ቀናት ናቸው፤ ይህንም ጽፋዋለች። ሴትዮዋ አልዋሸችም ብቻ ሳይሆን ከእኔ ይልቅ ጠንቃቃ ለኪ ነበረች።

ግን ጭንቀቴ አልለቀቀኝም። አሁን ለፕሮፌሶሬሳዋ ሁለት ነገር መናገር አለብኝ፦ በፊርማዬ ያቀረብሁትን የለካው ሌላ ሰው መሆኑንና ሰዓቱ እንዴት እንደተሳሳተ። የመጀመሪያው ደንብ መጣስ ነው። ሁለተኛው ከመጀመሪያው የባሰ ነው፤ ምክንያቱም ቀኑን ከእኛ አቈጣጠር ወደ ጣልያን የመለስሁት ራሴ ነኝ። ደብተሩ በሀበሻ አቈጣጠር እንደተጻፈ እያወቅሁ፣ በእያንዳንዱ መስመር ላይ ቀኑን መልሼ ሰዓቱን ትቼዋለሁ። እንዲህ ያለ ስሕተት የሚሠራ ሰው መለኪያ ሊታመንበት አይገባም ቢሉኝ እውነታቸውን ነው። የፔርሜሶዬ ቀን ሊያልፍ የቀረው ሦስት ሳምንት አይሞላም።

እሑድ ከቅዳሴ መልስ ደብተሩን ይዤ ተቀመጥሁ። እስከዚህ ድረስ እርግጠኛ ነኝ። ከዚህ በኋላ ያለው ከሰዓት በኋላ ግን ባዶ ነው። ምን እንደበላሁ፣ ሰው መጥቶ እንደሆነ፣ ምን እንደጻፍሁ አላስታውስም።

ሰኞ ጠዋት ሁለቱን ሠንጠረዦች ጎን ለጎን ዘረጋሁ። ፕሮፌሶሬሳዋ ሳያቋርጡኝ አዳመጡኝ። ቀኑ በእኛ አገር ከንጋት እንደሚጀምር፣ እነርሱ ሰባት ሲሉ እኛ አንድ እንደምንል ስነግራቸው በጣታቸው ቈጠሩ።

«ስድስት ሰዓት» አሉ።

«ስድስት።»

«የእንስሳዋን ቀንና ሌሊት በመብራት ስድስት ሰዓት ገፍተን ሰዓቷን ብናሳስታት የምናገኘው ይህንኑ ነበር።» ፈገግ ሊሉ እንደሆነ መስሎኝ ነበር፤ አላሉም። «ሌላ ሰው እንደለካ ለምን አልነገሩኝም?»

«ጥፋቱ የእኔ ነው።»

«ይህ እሺ። ሰዓቱስ? በእኛ በጣልያኖች አቈጣጠር እንድትጽፍ ነግረዋት ነበር?»

«አዎ» አልሁ።

ይህን ቃል መናገሬን አልጠራጠርም። ደብተሩን ከፍቼ ከልባሱ ጀርባ በእጄ የተጻፉትን የአለካክ መመሪያዎች አሳየኋቸው። ጥላው ዜሮ መሆኑን፣ በቀኝ መቈጠሩን የሚሉት መስመሮች አሉ፤ ከሥራቸው «ሰዓት በፈረንጆች ይጻፍ» የሚል መስመር አለ። አማርኛ ስለማያነቡ ተረጐምሁላቸው። ምስክሩም አስተርጓሚውም እኔው ነበርሁ።

«ቫ ቤኔ፣ ይሁን» አሉ። «እንግዲያው ስሕተቱ የሰብሳቢዋ ነው። ከዛሬ ጀምሮ ከእርስዎ በቀር ማንም ሳህኑን እንዳይነካ። ስሟንም ከግርጌው ያንሡት፤ ስለ እርሷ ማንም ቢጠይቀኝ ልመልስ አልችልም።»

ደብዳቤውን ያን ቀን ፈረሙልኝ። ስሟን ያነሣሁት እኔ ነኝ፤ በዚያው ጠዋት፣ በእርሳቸው ክፍል ባለው የጽሕፈት መኪና እንደገና ስተይበው አንድ መስመር አጎደልሁ። ፔርሜሶዬ ታደሰ።

ሐሙስ፣ ከቴርሚኒ ጣቢያ አጠገብ ባለችው በቪያ ቮልቱርኖ ጎዳና፣ የእኛ ሰዎች በሚሰበሰቡባት አንዲት ምግብ ቤት አገኘኋት። ወደ አገር ቤት ስልክ ደውላ ስለመጣች ደስ ብሏት ነበር። ነገሩን ዙሪያ ጥምጥም አድርጌ ነገርኋት፤ መለኪያው እንደተቃና፣ ክፍሉ ግን ከእንግዲህ ሌላ ሰው እንዲለካ እንደማይፈቅድ፣ ከግርጌው የነበረው ስምም እንደወጣ።

«አሎራ፣ እንግዲያው ጥፋቱ የእኔ ሆነ» አለች።

«የአቈጣጠር ነገር ነው። ጥፋት አይባልም።»

«በፈረንጅ ሰዓት ጻፊ ብለውኝ ነበር እንዴ?»

«ደብተሩ ላይ ተጽፏል።»

 እንጀራውን በጣቷ ወደ ራሷ ሳበችና፣ «ከተጻፈማ ተጽፏል» አለች። ደብተሩ በቦርሳዬ ውስጥ ነበር፤ አሳዩኝ አላለችም፤ እኔም አላወጣሁትም። ስትነሣ፣ «ጋሼ፣ ቁንጫውን ብቻዎን ሊፈልጉት ነዋ» ብላ ቀለደች። ከዚያ በኋላ ኦስቲያ ስሄድ ሰላምታዋ አልተጓደለም፤ ስለ ባሕር ሣሩ ግን ምንም ነግራኝ አታውቅም። በቀጣዩ ዓመት ስሄድ ሌላ ሴት ትሠራ ነበር። የትራክተሩ ድንበር ወደ አሸዋ ክምሩ ተጠግቷል፤ ዘላዮቹም አብረው ወደዚያ ሸሽተዋል። ያን ብቻዬን ነው የመዘገብሁት።

ከብዙ ዓመታት በኋላ፣ ጡረታ ከወጣሁ በኋላ፣ በሰሜን ጣልያን እንዳለች ሰምቼ ስልኳን አፈላለግሁ። ድምፄን ወዲያው ለየችው። ከጤናና ከቤተ ሰብ ጥያቄ በኋላ የደወልሁበትን ነገርኋት።

«ይህን ሊጠይቁኝ ነው የደወሉት?» አለች። «ጋሼ፣ እርጅና ነው።»

«ደብተሩን ስሰጥሽ ከልባሱ ጀርባ ያለውን አይተሽው ነበር?»

«ልባሱን ለምን ገልጬ አያለሁ? የምጽፍበት ገጽ ላይ እስክሪብቶውን አኑረውልኝ ነበር፤ እዚያው ነው የከፈትሁት።»

«በአፌስ ነግሬሽ ነበር?»

መስመሩ ላይ የሕፃናት ድምፅ ይሰማ ነበር። «ነግረውኝ ይሆናል» አለች። «እርስዎ ካሉ ብለዋል ማለት ነው። እኔ ሰዓቱን ጻፊ ሲሉኝ፣ ሌላስ ስል፣ ሌላ የለም ሲሉኝ ነው ትዝ የሚለኝ፤ ግን ልረሳ እችላለሁ።»

በማስታወሻዬ ላይ ይህን ከጻፍሁ በኋላ አጠገቡ የጥያቄ ምልክት አድርጌበታለሁ። የእኛ ሰው ለታላቁ «ነግረውኝ ይሆናል» ሲል ትዝታ ይሁን ይሉኝታ በድምፁ አይለይም። «ሌላ የለም» ማለቴን ከዚያ በፊት አስታውስ እንደነበር ወይም ከእርሷ አፍ ሰምቼ የራሴ ትዝታ እንዳደረግሁት ደግሞ ለይቼ ልናገር አልችልም።

የቀረው ደብተሩ ነው። ዛሬ ጠዋት እንደገና በመስኮቱ ብርሃን አይቼዋለሁ። ከልባሱ ጀርባ ያሉት መመሪያዎች በጥቁር ቀለም ተጽፈዋል። «ሰዓት በፈረንጆች ይጻፍ» የሚለው መስመር ብቻ ሰማያዊ ነው። እጁ የእኔ ነው። ሰማያዊው እስክሪብቶ ከደብተሩ ጋር በክር ታስሮ ወደ እርሷ ሄደ፤ ከደብተሩም ጋር ወደ እኔ ተመለሰ። ሳስረው ጽፌ እንደሆነ፣ ወይስ በዚያ እሑድ ከሰዓት በኋላ፣ የሚያረጋግጥልኝ ነገር እስካሁን አላገኘሁም።